ሞቱ አንድ፣ ጥፋቱ ብዙ፦ ሰው መግደል በሕጋችን ሚዛን

አንድ ሰው በሌላ ሰው ድርጊት ሞተ እንበል። በሥራ ላይ ያለው የወንጀል ሕጋችን ለዚህ ሞት የሚሰጠው መልስ በአንድ ጫፍ ዕድሜ ልክ እስራት ወይም የሞት ቅጣት ነው፤ በሌላው ጫፍ ከ2 ሺህ እስከ 4 ሺህ ብር መቀጮ ሊሆን ይችላል። ለሟች እናት ግን ልጇ በታቀደ ጥይት ቢሞት፣ በጸብ መሐል በተሰነዘረ ዱላ ቢሞት ወይም ፍሬኑ ባልተፈተሸ መኪና ተገጭቶ ቢሞት ያው ልጇን አጥታለች። ከችሎት ሲወጣ «የልጄ ደም ረከሰ» የሚል ለቅሶ የሚሰማውም ከዚህ የተነሣ ነው።

ሕጉ ታዲያ ሞቱ አንድ ሆኖ ሳለ ጥፋቱን ለምን ይከፋፍላል? መስመሮቹን የት የት አሰመረ? የትኞቹስ ይደበዝዛሉ? ይህ ዳሰሳ እነዚህን ጥያቄዎች ይከተላል። አቋሜን ከወዲሁ ልናገር፦ ክፍፍሉ ተገቢ ነው፣ ሊጠበቅም ይገባዋል። የሚጠበቀው ግን የአንቀጾቹን ቃል በማሳመር ብቻ አይሆንም፤ የገዳዩን ሐሳብ ከሚታዩ ነገሮች ላይ በጥንቃቄ በማንበብና የተነበበውን በፍርዱ ላይ በግልጽ በመጻፍ ነው።

ከኦሪት እስከ 1996

ልዩነቱ ከዘመናዊ ሕግ ጋር የመጣ አይደለም። በኦሪት ዘዳግም ምዕራፍ 19 ከባልንጀራው ጋር እንጨት ሊቆርጥ ዱር የወረደ ሰው አለ፤ ብረቱ ከእጀታው ወልቆ ባልንጀራውን ይገድላል። ይህ ሰው ወደ መማጸኛ ከተማ ሸሽቶ ይተርፋል። ባልንጀራውን ጠልቶ፣ ሸምቆ የገደለው ግን ከመማጸኛውም ከተማ ተይዞ ለደም ተበቃዩ ይሰጣል። ዘኁልቁ ምዕራፍ 35 ደግሞ ገዳዩ በብረት፣ በድንጋይ ወይም በእንጨት መምታቱን፣ ጥላቻ መኖር አለመኖሩን፣ ሸምቆ መጠበቁን እየለየ ይጠይቃል። ልብን የሚመረምር አምላክ ነው ብሎ የሚያምን ሕግ እንኳ ለምድራዊ ዳኛ የሰጠው መሣሪያውንና የቀደመውን ጠብ እንዲያይ ነው። ዛሬም ዳኛው ከዚህ የተሻለ መስኮት የለውም።

ከግብጽ በዐረብኛ ተጠናቅሮ ወደ ግእዝ የተመለሰው ፍትሐ ነገሥትም ሆነ ብሎ የገደለንና ሳያስብ የገደለን ለይቶ ያያል። በሕዝቡ ኑሮ ውስጥ ግን ገዳዩን ለሟች ዘመዶች አሳልፎ መስጠት፣ ደም መመለስ ወይም የደም ዋጋ መቀበል ረጅም ዕድሜ ነበረው። ሽማግሌ የሚሸመግለው እርቅም ሆነ ጉማ የተባለው የኦሮሞ የደም ካሳ ሥርዓት ቀዳሚ ጭንቀታቸው ሁለቱ ወገኖች እንዳይተላለቁ ነበር። ለሰላም ትልቅ ዋጋ ነበራቸው። ዘመናዊው የወንጀል ሕግ የጨመረው ሌላ ጥያቄ ነው፤ ይህ አንድ ሰው፣ ከወገኑ ተለይቶ፣ ምን ያህል ጥፋተኛ ነው?

በ1949 ዓ.ም. የታወጀውና በስዊዘርላንዳዊው የሕግ ሊቅ በዣን ግራቨን የተረቀቀው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ለዚህ ጥያቄ ደረጃ ያለው መልስ ሰጠ፤ አንቀጽ 522 ለከባዱ፣ 523 ለመካከለኛው፣ 524 ለቀላሉ። በአዋጅ ቁጥር 414/1996 ወጥቶ ከግንቦት 1 ቀን 1997 ዓ.ም. ጀምሮ የጸናው የወንጀል ሕግ ይህን አጥንት ይዞ በአንቀጽ 539፣ 540 እና 541 አስቀመጠው። ዛሬ በየችሎቱ ጠበቃና ዐቃቤ ሕግ «በ539 ነው ወይስ በ540?» ብለው የሚከራከሩት ይህንኑ ነው።

አራቱ ሳጥኖች

አንቀጽ 538 ሆነ ብሎም ሆነ በቸልተኝነት፣ በማናቸውም መሣሪያ ወይም ዘዴ ሰውን መግደል ወንጀል መሆኑን ይደነግጋል። ከዚያ በኋላ ክፍፍሉ ይጀምራል።

የመጀመሪያው በአንቀጽ 539 ያለው ከባድ የግፍ አገዳደል ነው። ሦስት በር አለው። አንደኛው ገዳዩ አስቀድሞ በማሰቡ፣ በተነሣበት ምክንያት፣ በመሣሪያው ወይም በአገዳደሉ በተለይ ጨካኝ፣ ነውረኛ ወይም አደገኛ መሆኑ ሲታወቅ ነው። ሁለተኛው ለግድያ ወይም ለዘረፋ የተደራጀ ቡድን አባል ሆኖ ሲገድል፣ ሦስተኛው ሌላ ወንጀል ለመፈጸም ወይም የተፈጸመውን ለመደበቅ ሲገድል ነው። ቅጣቱ ዕድሜ ልክ ጽኑ እስራት ወይም ሞት ነው።

ሁለተኛው የአንቀጽ 540 ተራ የሰው ግድያ ነው። ሕጉ የሚተረጉመው በማግለል ነው፤ ሆነ ተብሎ የተፈጸመ፣ ነገር ግን የ539 ክብደትም የ541 ቅለትም የሌለው ግድያ እዚህ ይወድቃል። ቅጣቱ ከ5 እስከ 20 ዓመት ጽኑ እስራት ነው።

ሦስተኛው አንቀጽ 541 ነው። እዚህም ግድያው ሆነ ተብሎ የተፈጸመ ነው። ነገር ግን ገዳዩ ራሱን ወይም ሌላውን ሲከላከል ልኩን አልፏል፤ ወይም ከባድ ማስቆጣት ደርሶበት፣ ድንገተኛ ድንጋጤ ወይም ብርቱ የስሜት መናወጥ ይዞት ገድሏል፤ ሁኔታው ስሜቱን የሚያስረዳና በመጠኑም ይቅር የሚያሰኝ ነው። ቅጣቱ ከ5 ዓመት የማይበልጥ ቀላል እስራት ነው። እናት በምጥ ላይ ሳለች ወይም ምጡ ያስከተለው ሁኔታ ሳይለቃት ሕፃኗን የገደለች እንደሆነ የሚታየውም በተለየ አንቀጽ ነው፤ በዚያም የተደነገገው ቀላል እስራት ነው።

አራተኛው በአንቀጽ 543 ያለው በቸልተኝነት ሰው መግደል ነው። መነሻው ከ6 ወር እስከ 3 ዓመት ቀላል እስራት ወይም ከላይ የጠቀስነው መቀጮ ነው። ሐኪም ወይም ሾፌር የሌላውን ሕይወት የመጠበቅ ግዴታ ስላለበት ቅጣቱ ከ1 እስከ 5 ዓመት ቀላል እስራትና መቀጮ ይሆናል። ሁለትና ከዚያ በላይ ሰው ከሞተ፣ ሥራውን የሚገዛው ደንብ እያወቀ ከተጣሰ ወይም ጥፋተኛው በመጠጥ ወይም በዕፅ ራሱን ስቶ ከነበረ ደግሞ ከ5 ዓመት ወደሚጀምር ጽኑ እስራት ከፍ ይላል።

ከአራቱም ውጭ የቀረ ሞት አለ። አንቀጽ 57 እንደሚለው ሰው ያለ ጥፋቱ፣ በድንገተኛ አጋጣሚ ለደረሰ ነገር በወንጀል አይጠየቅም። በልኩ የሆነ ሕጋዊ መከላከልም አያስቀጣም።

የመጀመሪያው ድንበር፦ አስቀድሞ ማሰብ ይበቃልን?

ብዙ ሰው ከባዱን ግድያ ከተራው የሚለየው ዕቅድ መኖሩ ብቻ ይመስለዋል። ሕጉ የሚለው ከዚያ ይሰፋልም ይጠባልም። ይሰፋል፤ ምክንያቱም ያላቀደ ሰው በአገዳደሉ ጭካኔ ብቻ እዚያ ሊደርስ ይችላል። ይጠባል፤ ምክንያቱም ማቀዱ ብቻውን ከመቆጠር ይልቅ ጨካኝነትን፣ ነውረኝነትን ወይም አደገኛነትን የሚያሳይ መሆን አለበት።

ዓመታት ሲደበደብ የኖረ ሰው ደብዳቢው እስኪተኛ ጠብቆ ቢገድለው አስቦበታል። ለገንዘብ ተቀጥሮ የማያውቀውን ሰው የሚገድልም አስቦበታል። ሁለቱን በአንድ ሚዛን ማስቀመጥ የሕጉን ቃል መዝለል ነው። «አስቀድሞ አስቦ» ብሎ ወደ ቅጣት የሚሄድ ፍርድ ግማሽ መንገድ ላይ ቆሟል። ዕቅዱ ስለ ሰውየው ምን ነገረን? ይህን ያልመለሰ ፍርድ ዕድሜ ልክን ወይም ሞትን ሊሸከም አይችልም።

ደም መመለስ በዚህ ድንበር ላይ ከሁሉ የከበደው ነው። ገዳዩ በወገኑ ዘንድ ግዴታውን የተወጣ ጀግና ነው፤ ካልመለሰ የሚሰደበውም እሱ ነው። ይህን ጫና ዳኛ ሊያውቀው ይገባል። ይሁንና ያልገደለን ሰው በወንድሙ ወይም በአጎቱ ፈንታ ሸምቆ መግደል ሰውን ለስሙና ለዘሩ ብቻ መግደል ነውና አደገኛነቱ የጎላ ነው። እዚህ ላይ ልማድን ለቅጣት ማቅለያ መቀበል ቀጣዩን ግድያ መጋበዝ ይሆናል።

ሁለተኛው ድንበር፦ ቁጣ መቼ ይሰማል?

አንድ ነገር ቀረብ ብለን እንይ። ሁለት ጎረቤት ገበሬዎች በእርሻ ድንበር ተጣልተው ኖረዋል እንበል። አንድ ማለዳ አንዱ የወሰን ድንጋዩ ተነቅሎ መሬቱ ሲታረስ ያያል። ይሰዳደባሉ። ጎረቤቱ በጅራፍ ፊቱን ይገርፈዋል። እሱም በያዘው ዱላ አናቱን ይመታዋል፤ ሰውየው ይወድቅና በሦስተኛው ቀን ጤና ጣቢያ ይሞታል።

ሞቱንና ዱላውን ሳንነካ ሌሎቹን ነገሮች አንድ በአንድ እንቀይር። ምቱ አንድ ብቻ ነበር፤ ከወደቀ በኋላ ደንግጦ ተሸክሞ ጤና ጣቢያ ያደረሰውም መቺው ራሱ ነው። ይህ ሰው መምታት ፈልጓል፤ ሞቱን ፈልጎት ወይም ይሁን ብሎ ተቀብሎት ነበር ለማለት ግን ማስረጃው ይሳሳል። አንቀጽ 58 ደግሞ ማንም ሰው ካወቀውና ካሰበው ወይም ሊደርስ እንደሚችል ተቀብሎ ካለፈው በላይ እንዳይቀጣ ይከለክላል፤ ከዚያ የሚያልፈው በቸልተኝነት ድንጋጌዎች ይታያል። አሁን ምቱን አራት እናድርገው፤ ሦስቱ ሰውየው ከወደቀ በኋላ ያረፉ። ያኔ ነገሩ ወደ 540 ይጠጋል። ደግሞ ጅራፉ ካረፈበት በኋላ ቤቱ ገብቶ፣ ቁርስ በልቶ፣ ማታ መንገድ ጠብቆ መታው እንበል። ቁጣው እውነት ነበር፤ ነገር ግን ሲመታ የያዘው ያ የማለዳው መናወጥ አይደለም፣ ቂም ሆኗል። 541 የሚሰማው ገና ትኩስ የሆነን ቁጣ ነው።

ስለዚህ የአስከሬን ምርመራ ውጤት «በጭንቅላት ላይ በደረሰ ጉዳት» ብሎ ቢያበቃ ፍርድ ቤቱ ዓይኑን አጥቷል። ቁስሉ ስንት ነው? ከፊት ነው ወይስ ከኋላ? ቆሞ ሳለ ያረፈ ነው ወይስ ተኝቶ? ከ5 ዓመት ቀላል እስራትና ከ20 ዓመት ጽኑ እስራት የትኛው እንደሚቀርብ የሚወስኑት እነዚህ ናቸው።

በዚሁ ድንበር ላይ በግልጽ መናገር የሚገባ ሌላ ነገር አለ፤ ሚስቱን ወይም ፍቅረኛውን ገድሎ «ክብሬ ተነካ» የሚል ተከሳሽ። የኛ ሕግ ምን ዓይነት ድርጊት እንደሚያስቆጣ አልዘረዘረም፤ ለዳኛው ትቶታል። እንግሊዝ በ2009 (እ.ኤ.አ.) ባወጣችው ሕግ ራስን መቆጣጠር አለመቻልን እንደ መከላከያ ስትደነግግ የጾታ ታማኝነትን ማጉደል በራሱ ለመነሻነት እንዳይቆጠር በግልጽ ጽፋለች። እኛ ዘንድ ያን መስመር የሚያሰምረው ችሎት ነው። «ተለየችኝ» ወይም «ሌላ ወደደች» የሚለው ቅናት ከባድ ማስቆጣት ተብሎ ከተመዘገበ፣ ሴቲቱ የራሷን ኑሮ መምረጧ ለሞቷ ምክንያት ተደረገ ማለት ነው። አንቀጹ ስሜቱ እንዲገባን ብቻ አይጠይቅም፤ ሁኔታው በመጠኑ ይቅር የሚያሰኝ እንዲሆንም ይጠይቃል። ባለቤትነትን ይቅር የሚል ሕግ ልንሻ አይገባም።

ሦስተኛው ድንበር፦ ይሁን ብሎ ማለፍና አይደርስም ብሎ መድፈር

በሠርግ ወይም በቀብር ላይ ወደ ሰማይ የሚተኩስ ሰው ማንንም መግደል አይፈልግም። ጥይቱ ግን ይመለሳል፣ ወይም አፈሙዙ ያዘነብላል። ሕጋችን የሚያውቀው አሳብ ውጤቱን ፈልጎ ማድረግን ብቻ አይደለም፤ ውጤቱ ሊደርስ እንደሚችል እያወቁ «ቢደርስም ይድረስ» ብሎ ማድረግንም አንቀጽ 58 እንደ ሆነ ብሎ ማድረግ ይቆጥረዋል። በሌላ በኩል አንቀጽ 59 አደጋውን እያወቁ ባለመጠንቀቅ «አይደርስም» ብሎ መድፈርን፣ እንዲሁም ማወቅ ሲገባ አለማወቅን ቸልተኝነት ይለዋል።

«ይድረስ» ያለውም «አይደርስም» ብሎ የደፈረውም አደጋውን አውቀዋል። የሚለያቸው ውስጣቸው የነበረው መቀበል ነው። ወደ ተሰበሰበ ሕዝብ አግድም የተኮሰና ከሰው ርቆ ወደ ላይ የተኮሰ አንድ አይደሉም። ጠመዝማዛ መንገድ ላይ ፊት ለፊቱ ሳይታየው የቀደመ የሚኒባስ ሾፌር ራሱም ሊሞት ስለሚችል ሞትን ተቀበለ ማለት ያስቸግራል፤ በ543 መጠየቁ ተገቢ ነው። ትራፊክ ፖሊስ ቁም ሲለው እያየው መኪናውን የነዳበት ሾፌር ግን ሌላ ጥያቄ ያስነሣል።

መጠጥም እዚህ ይገባል። ሊገድል ቆርጦ ድፍረት ለማግኘት የጠጣ ሰው ስካሩ አያድነውም፤ በአንቀጽ 50 መሠረት ሆነ ብሎ እንደሠራ ይጠየቃል። በቸልታ ጠጥቶ ራሱን የሳተ ግን በቸልተኝነት ድንጋጌ ይታያል። «ሰክሬ ነበር» የሚለው ቃል በራሱ ማቅለያ የሚመስላቸው ተከሳሾች ብዙ ናቸው፤ 543 ራሱ ስካርን ወደ ጽኑ እስራት መውጫ አድርጎታል።

ክሱ ሲጻፍ የሚወሰነው

የአንቀጹ ምርጫ ፍርድ ቀን ድረስ አይጠብቅም። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 63 ወንጀሉ የሞት ቅጣት ወይም 15 ዓመትና ከዚያ በላይ ጽኑ እስራት የሚያስከትል ሲሆን የዋስትናን በር ያጠብበዋል። ስለዚህ በ539 ወይም በ540 የተከሰሰ ሰው ጉዳዩን ማረፊያ ቤት ሆኖ የመከታተል ዕድሉ ሰፊ ነው፤ በ543 የተከሰሰው ደግሞ ከቤቱ የመመላለስ ዕድል አለው። ዐቃቤ ሕግ ማስረጃው የማይሸከመውን ከባድ አንቀጽ «ለማንኛውም» ብሎ ከጻፈ ተከሳሹ ያልተፈረደበትን ጊዜ ታስሮ ይገፋል። በዚሁ የሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 113 ፍርድ ቤቱ ከተከሰሰበት ቀለል ባለው ወንጀል ጥፋተኛ ሊለው መቻሉ ጥሩ መውጫ ነው፤ ያለፈውን እስር ግን አይመልስም።

ከውጭ ምን እንማራለን?

ለሕጋችን የሥጋ ዘመዱ የስዊዘርላንዱ ነው። እዚያም ተራው ሆነ ተብሎ የተፈጸመ ግድያ ከ5 ዓመት ይጀምራል፤ በሁኔታው ይቅር ሊባል በሚችል ብርቱ የስሜት መናወጥ የተፈጸመው ግን ከ1 እስከ 10 ዓመት ያስቀጣል። እኛ ዘንድ ተመሳሳዩ ከ5 ዓመት ቀላል እስራት አያልፍም። በአሜሪካ ከባዱን ግድያ በደረጃ የመክፈል ልማድ ከፔንሲልቬንያ የ1794 (እ.ኤ.አ.) ሕግ ይነሣል፤ እዚያ የሚኖሩ ወገኖቻችን «ፈርስት ዲግሪ»፣ «ሰከንድ ዲግሪ» ሲሉ የሚሰሙት ከዚያ የተወረሰ ነው። አንድ ልዩነት ልብ ይሏል፤ በብዙ የአሜሪካ ግዛቶች በዘረፋ መሐል ሰው ከሞተ ዘራፊው ለመግደል ባያስብም በከባድ ግድያ ሊጠየቅ ይችላል። እንግሊዝ ይህን ደንብ በ1957 (እ.ኤ.አ.) ሰርዛለች። የኛ አንቀጽ 539ም ለሌላ ወንጀል ሲባል የተደረገን ግድያ ከባድ የሚያደርገው ግድያው ሆነ ተብሎ ሲፈጸም ነው። በዚህ ነጥብ የኛ ሕግ ለጥፋተኝነት መርሕ ይበልጥ ታማኝ ነው።

የሚቀረው ሥራ

የክፍፍሉ ትልቁ ስንጥቅ በ540 እና በ541 መካከል ያለው ገደል ነው። ቁጣው ለጥቂት ያልሞላለት ሰው ቢያንስ 5 ዓመት ጽኑ እስራት ይጠብቀዋል፤ ለጥቂት የሞላለት ደግሞ በጥቂት ወራት ቀላል እስራት ሊወጣ ይችላል። ሌላም የሚያስጨንቅ ነገር አለ፤ ጠጥቶ ነድቶ የገደለ ሾፌር ማንንም ለመጉዳት ሳያስብ ከ5 ዓመት የሚጀምር ጽኑ እስራት ሲጠብቀው፣ በቁጣ አስቦ የገደለ ሰው ከዚያ በታች ሊቀጣ ይችላል። ለሾፌሩ መክበዱን አልቃወምም፤ በመንገዶቻችን የሚረግፈው ሕይወት ያስገድዳል። ነገር ግን ለ541 የስዊዘርላንዱን የመሰለ ከፍ ያለ ጣሪያ ቢኖር ዳኛው በሁለት ጽንፎች መካከል ባልተጨነቀ ነበር።

የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት የቅጣት አወሳሰን መመሪያ ቁጥር 2/2006 ለተመሳሳይ ጥፋት ተመሳሳይ ቅጣት እንዲወሰን ረድቷል። የሰበር ሰሚ ችሎት የሕግ ትርጉም የበታች ፍርድ ቤቶችን ማስገደዱም እንዲሁ። መመሪያ ግን ዓመትን ያሰላል እንጂ በሞተውና በገደለው መሐል የሆነውን አይነግርም። ያንን የሚነግረው በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት የደረሰው መርማሪ፣ ቁስሉን በጥንቃቄ የመዘገበው ሐኪምና ሁለቱን ገጣጥሞ ምክንያቱን የጻፈው ዳኛ ነው።

ስለዚህ በሰው ግድያ ላይ የሚሰጥ እያንዳንዱ ፍርድ ሦስት ነገር በግልጽ ቢመልስ ምኞቴ ነው። ተከሳሹ ሞቱን ፈልጎት ነበር፣ ይሁን ብሎት ነበር ወይስ አይደርስም ብሎ ደፍሮት? ይህንን የሚያሳየው የትኛው ምስክር፣ የትኛው ቁስል፣ የትኛው ሰዓት ነው? ከጎኑ ያለው አንቀጽስ ለምን አልሆነም? የሟች ቤተሰብ ቅጣቱ ቢያንሰውም እንኳ ለምን እንዳነሰ ያነብባል፤ ተከሳሹም ቢከብደው ለምን እንደከበደ ያውቃል። ሕግ በጉልበት ብቻ ሳይሆን በምክንያት ሊታመን የሚችለው፣ ደም መመለስንም ከቤተሰብ እጅ ሊወስድ የሚገባው ይህን ሲያሟላ ነው።